የሰርካዲስ መንገድ በቴሌቪዥን

ኡሙሰልማ ወደ ቴሌቪዥን ጣቢያው የሄደችው ለራሷ ብላ አልነበረም። ኦሃዮ ውስጥ ሉዊስ ሴንተር በሚገኝ መጋዘን አብራት የምትሠራው ሰርካዲስ ከሥራ ወጥታ ወደ አውቶቡስ ማቆሚያ ስትሄድ መኪና ገጭቷት እግሯ ተሰብሯል። መንገዱ የእግረኛ መሄጃ የለውም፤ ሠራተኛው ሁሉ የአስፋልቱን ጠርዝ ይዞ ነው የሚሄደው። ፓርቲዎች ዕጩዎቻቸውን የሚለዩበት የ2022 ፕራይመሪ ምርጫ ሲቃረብ፣ ለኦሃዮ ምክር ቤት ከአንድ ፓርቲ ዕጩ ለመሆን የሚፎካከሩ ሁለት ሰዎች በቴሌቪዥን ሊከራከሩ ነው ተባለ። ጣቢያው ከተመልካች ጥያቄ ይቀበል ስለነበር፣ ኮሌጅ የምትማረው የኡሙሰልማ ልጅ ኸውላ የእናቷን ጥያቄ ላከችላት፤ ተመረጠ።

ዎርዝንግተን ያለው ስቱዲዮ ሲገቡ አንድ ወጣት ተመልካቹን ጭብጨባ ያለማምዳል። ቀዩ መብራት ሲበራ መጮኽ ነው። ተመልካቹ በስልኩ ነጥብ ይሰጣል፤ አንዱ ዕጩ ሌላውን ሸንቆጥ ሲያደርግ ደወል ይደወላል።

«ክርክር ነው ወይስ ቦክስ?» አለች ኡሙሰልማ።

«ሪላክስ፣ እማ» አለቻት ኸውላ።

ተራዋ ሲደርስ ተነሣች። በተለማመደችው እንግሊዝኛ የሰርካዲስን ስም ጠራች፣ የደረሰባትን ተናገረች። «ብትመረጡ በዚያ መንገድ ላይ የእግረኛ መሄጃ ታሠሩልናላችሁ?» ብላ ጠየቀች።

አንደኛው ዕጩ ወደ ተፎካካሪው ዞረ። «እሱን ጠይቂው። ከሥራው ሲሸሽ የኖረ ሰው ስለ እግር ጉዞ ያውቃል።»

ደወሉ ተደወለ። ስቱዲዮው በሳቅ ተናጋ። ሁለተኛው ጣቱን ቀስሮ ተጠጋው፤ ስድብ ተማዘዙ። ኡሙሰልማ ማይኩን እንደያዘች፣ አፏን እንደከፈተች ቆማ ቀረች። ከዚያ ማስታወቂያ ገባ፤ ወጣቱም መጥቶ ማይኩን ተቀበላት።

«መልሱስ?» አለችው።

«ሰዓት አልቋል።»

በማግሥቱ ሰርካዲስን ልትጠይቅ ቤቷ ሄደች። ሰርካዲስ በጀሶ የታሰረ እግሯን ትራስ ላይ ሰቅላ ስልኳን ታያለች። ጣቢያው ጥያቄውን ቆርጦ ጥሎ፣ የኡሙሰልማን የተከፈተ አፍ ብቻ አስቀርቶ፣ ሙዚቃና ሳቅ ጨምሮበት ቪዲዮውን በኢንተርኔት ለቆታል።

«በእኔ ጦስ መሣቂያ አደረጉሽ» አለች ሰርካዲስ፤ ዕንባዋ መጣ።

ኡሙሰልማ ደሟ ፈላ። እዚያው ሆና ክርክሩን ያዘጋጀውን ፕሮዲውሰር ኮል አደረገችው።

«ሰው ሁሉ ወዶሻል!» አላት ገና ስሟን ሲሰማ። «የምርጫው ውጤት በሚነገርበት ቀን ነይና ያንን ፊትሽን ድገሚልን።»

«የጓደኛዬ እግር ተሰብሯል። ከዚህ ውስጥ የቱ ነው የሚያስቀው?»

«ሰው የሚያየው የሚያዝናናውን ነው።»

«እንግዲያው ከነጥያቄዬ አሳዩት።»

«እሱ ይረዝማል።»

«ሕግ አውጪ ነው የምንመርጠው ወይስ አጫዋች?» ብላ ዘጋችበት።

ያን ዕለት ኸውላን አስቀምጣ ለሁለቱም ዕጩዎች ኢሜይል አስጻፈች። ሠራተኛ በሚወጣበት ሰዓት መጥተው ያንን መንገድ አብረዋት እንዲሄዱ ጠየቀች። የአንደኛው ዕጩ ቢሮ ደውሎ «ሚዲያ ይኖራል?» አለ። እንደማይኖር ነገረቻቸው። ተመልሰው አልደወሉም። ሁለተኛው ጭራሽ አልመለሰም።

ፕራይመሪውን ደወል ያስደወለው ሰውዬ አሸነፈ።

ኡሙሰልማ ግን አልተወችውም። ጠይቃ አጠያይቃ ስለ መንገዱ የሚመክረው የአካባቢው ቦርድ የሚሰበሰብበትን ቀን አወቀች፤ ክራንች የያዘችውን ሰርካዲስን በመኪናዋ ይዛ ሄደች። እዚያ ደወል የለም፣ ካሜራ የለም። ሰርካዲስ ራሷ ተናገረች፤ ማንም ሳያቋርጣት ጨረሰች። ሰብሳቢዋ ባለሙያ ልከው መንገዱን እንደሚያስለኩ ቃል ገቡ፤ በሁለተኛው ሳምንትም አስለኩት። መሄጃው ገና አልተሠራም።

ያን ዕለት ከስብሰባው ሲወጡ ኡሙሰልማ ዞር ብላ አዳራሹን አየችው። ለሕዝብ ከተደረደሩት ወንበሮች ላይ ከሁለቱ በቀር የተቀመጠ ሰው አልነበረም። ከስድቡም፣ ከቪዲዮውም ይልቅ ያንገበገባት ይኼ ነው።

«ያን ሁሉ ጭብጨባ የት አስቀመጡት?» አለች፤ ለሰርካዲስ የመኪናውን በር እየከፈተች።