ልጄ ናት!

ኳስ ተጫዋቿ መርፌ ጫማዋን ልትሰቅል የቀራት አንድ ጨዋታ ነው። በዚያ ጨዋታ የምትፈልገው ዋንጫ አልነበረም፤ ዋንጫውንማ ባለፈው ሳምንት ወስደውታል። የምትፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ እናቷ መጥታ እንድታያት።

ሰው ሲሰማው ይሄም ጉዳይ ሆኖ ይወራል ወይ ይላል። የእናቷ ልብስ ስፌት ቤት ከስታዲየሙ ጀርባ ነው፤ ንፋሱ ከቀና የዳኛው ፊሽካ እስከ ስፌት መኪናው ድረስ ይሰማል። ግን ያቺ ሴትዮ ያንን መንገድ ከምትሻገር ባሕር ብትሻገር ይቀላት ነበር።

መርፌ ያሏት የቡድን ጓደኞቿ ናቸው። የልብስ ሰፊ ልጅ ስለሆነች ብቻ አይደለም፤ ቀጭን ናት፣ በሁለት ሰው መሃል ሾልካ ታልፋለች፣ ምላሷም ይወጋል። የምትጫወተው መሃል ተከላካይ ሆና ነው። መሃል ተከላካይ ማለት፣ ላልገባው ሰው፣ አጥቂዎቹ አግብተው ሲጨፍሩ ከኋላ ቆሞ ላቡን የሚጠርግ፣ ጎል ሲገባ ደግሞ ከሁሉም ቀድሞ የሚሰደብ ምስኪን ማለት ነው። መርፌ በዚህ ሥራ ጉልበቷን ሁለቴ ተቀዳዳ ተሰፋች፣ የቡድኑ አምበል ሆነች፣ የሀገሯን ማሊያ ለበሰች። ከውጭ ክለቦች መጥተው ሲለምኗት፣ “እዚህ ማንን ሰድቤ እንዳልጨረስኩ እናንተ አታውቁም” ብላ መለሰቻቸው። ከዚህ ሁሉ አንድ ነገር ጎደላት። በሌላ ቡድን መረብ ላይ አንድም ጎል አላስቆጠረችም። በጭንቅላቷ ስትሞክር ቋሚውን ትመታለች፤ በእግሯ ስትሞክር ኳሷ ከአጥር ውጭ ያለ ሱቅ ጣሪያ ላይ ታርፋለች፤ ባለሱቁም ኳሷን በጥርሱ እየሳቀ ይመልሳል።

በራሷ ቡድን መረብ ላይ ግን አንድ አላት። ጣጣው ሁሉ ከዚያች ጎል መጣ።

ፕሮፌሽናል ሆና የተሰለፈችበት የመጀመሪያ ጨዋታ ነበር። እናቷ ሱቋን ዘግታ፣ ለዚያ ቀን ብላ የሰፋችውን ቢጫ ቀሚስ ለብሳ መጣች። ለነገሩ ልጅቷን ኳስ ያስጀመረቻት ራሷ ናት። ገና ድክ ድክ ስትል፣ ከቁርጥራጭ ጨርቅ ድቡልቡል ነገር ሰፍታ፣ “እንኪ፣ ይሄን እያባረርሽ ከመኪናዬ ሥር ውጪልኝ” ብላ ሰጠቻት። ልጅቷ ከመኪናው ሥር ወጥታ ግቢውን፣ ከግቢው ወጥታ ሰፈሩን በኳስ አመሰችው። ጎረቤቶች “ሴት ልጅሽ ጎረምሳ ሆና ልትቀር ነው” ሲሏት፣ እናት ሆዬ ቀና እንኳ ሳትል፣ “ሱሪዋን የምሰፋው እኔ፣ እናንተን ምን ጨነቃችሁ?” ትላለች።

ስለ ጨዋታው ግን የምታውቀው ከኳሱ ስፌት አያልፍም ነበር። የዚያን ቀን አጠገቧ የተቀመጡትን አንድ ጎልማሳ ሰውዬ፣ “የኛዎቹ የሚያገቡት የትኛው ላይ ነው?” ብላ ጠየቀቻቸው። በስተቀኝ ያለውን አሳዩዋት። እሷም ያንን መረብ በዓይኗ ለካችው፣ ምልክት አደረገችበት፣ አለቀ። ከእረፍት በኋላ ቡድኖቹ ቦታ እንደሚቀያየሩ የነገራት ሰው የለም። ከየት ብላ ትጠርጥር? እሷ በምታውቀው ሥራ፣ አንዴ እጅጌ ተብሎ የተቆረጠ ጨርቅ በእረፍት ሰዓት ተነስቶ ኮሌታ አይሆንም።

ከእረፍት መልስ ከማዕዘን ኳስ ተሻማች። መርፌ ልታወጣ ዘለለች፤ ኳሷ ግንባሯን ገጭታ ወደ ራሷ መረብ ገባች። ስታዲየሙ ጸጥ ረጭ አለ። በዚያ ጸጥታ መሃል አንዲት ባለ ቢጫ ቀሚስ ሴት ብድግ ብላ፣ ሁለት እጇን ወደ ሰማይ ዘርግታ፦

“ልጄ ናት! ልጄ ናት! እኔ ነኝ የወለድኳት!”

ሳቁ ከአንድ ጥግ ተነስቶ ስታዲየሙን ዞረው። ሰውዬው ጆሮዋ ላይ ሹክ አሏት። ቁጭ አለች። ትንሽ ቆይታ ቦርሳዋን ያዘችና ወጣች። ያው እንደወጣች ቀረች።

ከዚያ ወዲያ ልጅቷ በጠራቻት ቁጥር ሥራ አለባት። መርፌም “አፍራብኝ ነው” ብላ ደመደመች። ጠይቃ አታውቅም፤ እናቷም ተናግራ አታውቅም። ለመናገር ያልፈለገች እንደሆነ እስፒሎቿን በከንፈሯ ትይዛለች። አፉ እስፒል የሞላ ሰው ደግሞ ማን ደፍሮ ያናግራል?

በዚያ የመጨረሻ ሳምንት መርፌ ከልምምድ በቀጥታ ወደ ስፌት ቤቱ ሄደች። እናቷ ሜትሩን አንገቷ ላይ ጥላ፣ ነጭ ጨርቅ ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ በጠመኔ እያሰመረች ነው። ራዲዮኑ መደርደሪያው ላይ ያንጎራጉራል።

“እማ፣ እሁድ የመጨረሻዬ ነው።”

“አውቃለሁ።”

“ትመጫለሽ?”

“የሙሽራ ቀሚስ አለብኝ።”

“አሁንም ሙሽራ! አንቺ የሰፋሽላቸው ሙሽሮች ቢቆጠሩ እኮ፣ እዚህ ከተማ ውስጥ ያላገባሁት እኔ ብቻ ነኝ የቀረሁት።”

“እሱንም አንድ ቀን ብታስቢበት አይከፋም።” እጇ ወደ እስፒሎቹ ሄደ።

መርፌ የእስፒል ሳጥኑን ቀድማ ላፍ አደረገችና ከጀርባዋ ደበቀችው። “ዛሬ አይሆንም። ዛሬ በባዶ አፍሽ ታወሪኛለሽ።”

“አምጪ እቃዬን።”

“ለምንድነው የማትመጪው?”

“አንቺ ልጅ፣ አምጪ ብያለሁ!”

“አፍረሽብኝ ነው አይደል?”

እናቷ ጠመኔውን አስቀመጠች። “እኔ? ባንቺ?” አለች። ከዚያ፣ ለስንት ዘመን በእስፒል የተያዘው ነገር ሁሉ ባንዴ ወጣ። “እኔ ያፈርኩት በራሴ ነው! አንድ ቀን አፌን ከፈትኩ፣ ይኸው እስከዛሬ ይስቁብሻል። የማልሰማ መሰለሽ?” በአገጯ ወደ ራዲዮኑ አመለከተች። “ጎል በገባባችሁ ቁጥር ያ ሁሉ ሰው ‘ልጄ ናት’ እያለ ያላግጣል። ሳልሰማ ልለፈው ብዬ ወዲያው ጥርቅም አድርጌ እዘጋዋለሁ። ደግሞ እዚያው ሄጄ ላስታውሳቸው?”

መርፌ ወደ ራዲዮኑ ዞረች። ሁለት ነገር ባንድ ጊዜ ነው የመጣባት። እናቷ አንድም ጨዋታ አላመለጣትም ማለት ነው፤ ከጨዋታ መልስ ሱቁ ስትገባ ሁሌ ዘፈን የሚሆነው ራዲዮ፣ እሷ ልትደርስ ሲል የተቀየረ ነው ማለት ነው። ሁለተኛው ደግሞ፣ ከተማው ሁሉ የሚያውቀውን እናቷ ብቻ አታውቅም።

“እማ፣ ማላገጥ እኮ አይደለም!”

“ተይ።”

“እውነቴን ነው! ሌላ ቦታ ጎል የገባባት ልጅ የውሃ ላስቲክ ይወረወርባታል፣ እናቷ ትሰደባለች። እኛ ጋ ሰው ሁሉ ተነስቶ ‘ልጄ ናት’ ይላታል። አይዞሽ ማለታቸው ነው። ካንቺ ነው የወሰዱት። ትናንሾቹ ተጫዋቾች ሌላውን ክለብ ትተው ለምን ወደኛ እንደሚመጡ ታውቂያለሽ? ለሱ ብለው ነው!”

እናቷ ራሷን ነቀነቀች። “አንቺ እኔን ለማጽናናት የማትፈጥሪው ነገር የለም” አለችና እጇን ዘረጋች። “እስፒሌን።”

መርፌ ሰጠቻት። ምን ታድርግ።

በማግስቱ መልበሻ ክፍል ውስጥ ታኬታዋን እያሰረች ነገሩን ለካዝና ነገረቻት። ካዝና ግብ ጠባቂያቸው ናት፤ ትከሻዋ በር የሚያክል፣ ድምጿ ከትከሻዋ የሚበልጥ። ያቺ ጎል የገባች ቀንም መረቡ ላይ የቆመችው እሷ ነበረች።

“ቆይ፣ ጎሉ የገባው በኔ ላይ፣ የሳቁት በኔ ላይ፣ እናትሽ ናት የምታፍረው?” አለች ካዝና። “ተዪልኝ፣ እኔ አናግራታለሁ። ደግሞ የማሳጥረው የግብ ጠባቂ ሱሪ አለኝ።”

ካዝና ሄዳ ስትመለስ ሱሪውን እንደለበሰችው ነበር። ከጉልበቷ ትንሽ ወረድ ብሎ አልቋል። መልበሻ ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ።

“ምን ሆነሽ ነው?” አለች መርፌ እንባዋን እየጠረገች።

“‘እማማ፣ እርስዎ እኮ ያን ቀን የጮኹት እኔ ልሞት ስል ነው፤ እርስዎ ባይነሱ ኖሮ ሰው ሁሉ የሚያየው እኔን ነበር’ አልኳቸው። ‘እኔ ጎል ገብቶብኝ መሬት ላይ ስተኛ የሚያነሳኝ ያ ቃል ነው’ አልኳቸው። መቀሱ ብቻ ቅርጭ ቅርጭ ይላል። ቀና ስል እያለቀሱ ይቆርጣሉ።”

መርፌ የሱሪውን ጫፍ በጣቷ ዳሰሰችው። እናቷ ተሳስታ ስትቆርጥ አይታ አታውቅም። “እና ትመጣለች?”

“‘እናያለን’ አሉኝ።”

እናያለን ማለት በዚያች ሴትዮ አፍ ምንም ማለት ሊሆን ይችላል።

እሁድ ስታዲየሙ ጢም ብሎ ሞላ። መርፌ ለትናንሾቹ ተጫዋቾች የምታስተምረው አንድ ሕግ አላት፦ ፊሽካ ከተነፋ በኋላ ወደ ተመልካች ማየት የለም። ዓይን ኳስ ላይ! ይህን የሰበረችውን ልጅ በምላሷ ስታቀምሳት ያየ ሁለተኛ ቀና አይልም። እና ራሷም አላየችም። አንገቷ እንደ ደረቀ ቆዳ እየተጎተተ ቻለችው። እነ መርፌ አንድ አገቡ፣ ደገሙ፣ ሠለሱ። ሌላኛው ቡድን ዛሬ ኳስም ይዞ የመጣ አይመስልም።

ችግሩ የጀመረው እዚህ ላይ ነው። ጎል ካልገባባቸው ማንም “ልጄ ናት” አይልም። እናቷ ብትመጣ እንኳ ምንም ሳትሰማ ትመለሳለች። ታዲያ ምን ይደረግ፣ አውቆ በራስ ላይ ማስገባት? መርፌና ካዝና? ከሚያደርጉት ቆመው ቢሞቱ ይሻላቸዋል።

ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ኳሷ በሩቅ፣ ከተቃራኒው በር አጠገብ ነበረች። መርፌ ለአንድ አፍታ ብቻ ብላ ሕጓን ሰበረች። ዓይኗ ወንበሮቹን ተራ በተራ እየለቀመ ሄደ፤ የታችኛው ረድፍ፣ መሃሉ፣ ከመተላለፊያው ቀጥሎ። ቢጫ አየች። የጠቆረ፣ የጎን ስፌቱ የሰፋ፣ ግን ያው ቢጫ።

“መርፌ! ኳስ!” ካዝና ናት የምትጮኸው።

የት? ከወዲያኛው በር በረጅሙ የተመታችው ኳስ ቅልጥሟን ነካ አድርጋ፣ ምንም ሳትቸኩል፣ እንደ ገበያ ወጪ ወይዘሮ እየተንከባለለች፣ ወደ ሌላው ጎን በወደቀችው ካዝና አጠገብ አልፋ መረብ ውስጥ አረፈች።

መርፌ ፊቷን በሁለት እጇ ያዘች። ጸጥታውን ታውቀዋለች። ከዚያ ወንበሮቹ ሁሉ ባንዴ ተንጓጉ፤ ስታዲየሙ ከዳር እስከ ዳር ተነሳ።

“ልጄ ናት! ልጄ ናት! ልጄ ናት!”

በጣቶቿ መሃል አየች። ያ ሁሉ ሕዝብ ቆሞ አንድ ሰው ብቻ ተቀምጧል። እናቷ አንገቷን ወደ ግራ፣ ወደ ቀኝ ታዞራለች፤ ጨርቅ እንደምትመረምር ፊት በፊት ትመረምራለች። የሚያላግጥ ትፈልጋለች። አጠገቧ ያን ጊዜ መረቡን ያሳዩዋት ሰውዬ አሉ፤ አሁን ጸጉራቸው ነጥቷል፤ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ጉሮሯቸው እስኪሰነጠቅ ይጮኻሉ። ከፊቷ አንዲት ልጅ በእናቷ ትከሻ ላይ ሆና ትጮኻለች። ከኋላዋ ያለው ወዛደር ዓይኑ እንባ ሞልቶ ይጮኻል። የሚያላግጥ የለም። ብትፈልግ፣ ብትፈልግ የለም።

ጩኸቱ ቀዝቀዝ ሲል፣ ሰውም ሊቀመጥ ሲል፣ ባለ ቢጫ ቀሚሷ ብድግ አለች። እንደዚያን ጊዜው ብቻዋን፣ እጆቿን ዘርግታ፦

“ልጄ ናት! እኔ ነኝ የወለድኳት!”

ሽማግሌው ዞር ብለው አዩዋት። “ኧረ እሷ ናት!” ብለው ጮኹ። “እናትየው ናት! ቢጫዋ መጣች!” ወሬው ከወንበር ወንበር ዘለለ፤ ስታዲየሙ ለሦስቱም ጎል ያላሰማውን ድምፅ ያኔ አሰማ። ዳኛው ፊሽካውን አፉ ውስጥ አድርጎ ጠበቀ። ምን ያድርግ፣ ማን ሊሰማው።

አሰልጣኟ ከመስመሩ ዳር ቆማለች። መርፌን ለመሰናበቻ ጭብጨባ ልትቀይራት ተጠባባቂዋን አስነስታ ነበር፤ መልሳ አስቀመጠቻት። “አልቀይርሽም!” አለቻት ጮክ ብላ። “ይቺን ጉድ ሠርተሽ የት ልትሄጂ? ቆመሽ ጨርሺያት!” ግን እየሳቀች ነው።

መርፌ ቆማ ጨረሰቻት።

ፊሽካው ሲነፋ እናቷ አጥሩ ዘንድ ወርዳ ጠበቀቻት። መርፌ ላቧ እየተንጠባጠበ አቀፈቻት። እናቷ ከእቅፏ ሳትወጣ የማሊያዋን የጎን ስፌት በጣቷ ፈተሸች።

“ማነው ይሄን የሰፋው? ክሩ እኮ ተልፈስፍሷል።”

“እማ!”

“እንዴ፣ ልናገር እንጂ።”

ካዝና በዚያ ባጠረው ሱሪዋ ከወዲያ እየሮጠች መጣች። “እማማ፣ ልጅዎ ሁለቴ ገደለችኝ!”

“አንቺ ደግሞ ይሄን ሱሪ አምጪው፣ ታሳፍሪኛለሽ” አለቻት እናት። “ከሥሩ ጨርቅ እቀጥልበታለሁ።”

አንድ ጋዜጠኛ ማይክራፎን ይዞ በመሃላቸው ገባ። “ካፒቴን፣ ይህን ያህል ዘመን ተጫውተሽ አንድም ጎል ሳታስቆጥሪ መሰናበትሽ አይቆጭሽም?”

መርፌ ምላሷን ልትስል አፏን ስትከፍት እናቷ ማይክራፎኑን ወደ ራሷ ሳበችው።

“ማነው አላስቆጠረችም ያለህ?” አለችው። “ሁለት አግብታለች። ለሁለቱም ተነስቼ የጮኽኩላት እኔ ነኝ።”