የጠፋው አጫጅ

«ይቺ ልጅ የቀረጸችው ሰው ለአፋኝ ይሸጣል» ይል ነበር የአጫጆቹ አለቃ፣ ካቦው ትዕዛዙ፣ ጧትም ማታም። አብደራፊ ላይ ሰሊጥ አጫጆችን በካሜራ ስቀርጽ ወሩን ሙሉ ሳቅሁበት። ካሜራ ራሴን ያስተማርሁ ሴት ነኝና የካቦ ወሬ አያስፈራኝም ነበር።

ከአጫጆቹ አንዱን፣ ኪዳንን፣ ሲያጭድ በቀረጽሁት ማግስት ግን ኪዳን ጠፋ። ጓደኞቹ ማጭዳቸውን እንደያዙ ከበቡኝ።

«እታለም፣ ወንድማችንን የት አደረስሽው?» አለ አንዱ የወሎ ልጅ።

«ኪሴ ውስጥ ነው፣ ፈትሸኝ!»

ልጁ ማጭዱን አንስቶ ተጠጋኝ።

«የቀረጽሽውን አጥፊው! የሁላችንንም አጥፊ!»

ማጭዱ አንገቴ ዘንድ ሲደርስ የወር ልፋቴን በገዛ ጣቴ አጠፋሁ፤ ቀልዳቸውን፣ ዘፈናቸውን፣ የእረፍት ሰዓት ወጋቸውን፣ ሁሉንም።

መተማ ከገባሁ በኋላ ኪዳን ራሱ ደወለልኝ። ድንበር ተሻግሮ ሱዳን፣ ገዳሪፍ እያጨደ ነው፤ የአብደራፊው ባለእርሻ ሳያውቅ በጭነት መኪና ያሻገረው ካቦው ትዕዛዙ ነው፤ ያን ወሬ ሲያወራ የከረመውም ጥፋቱ በእኔ እንዲላከክ ኖሯል።