ሁለቴ በቀለሙ፣ አንዴ በደብዳቤው

ናጋራትና ከፖስታ ቤቱ ጡረታ ወጥታለች። ዛሬ ማኅተሙን የሚመታው ማሽን ነው፤ ድምፁም እንደ ጉንፋናም ሰው ማጉረምረም ብቻ። እሷ ግን ሰባት ሰዓት ሲቃረብ አሁንም ጆሮዋ ወደ ግድግዳው ይሄዳል። ቤታቸው ከፖስታ ቤቱ ጀርባ ነው፤ መሃላቸው ያለው አንድ የጡብ ግድግዳ ነው።

ከዚያ ግድግዳ ማዶ አባቷ ካላፓ ሃያ ስድስት ዓመት ማኅተም መትቷል። ሁለቴ በቀለሙ፣ አንዴ በደብዳቤው፤ ዱብ ዱብ፣ ጧ! እናቷ ጊሪጃማ በዚያ ምት ጎመን ትቀቅላለች፣ ሙዴዋን፣ ያን ጠጣር የዳጉሳ ገንፎ፣ እንደ ኳስ ታድቦለቡላለች፣ ምቱ ሲቆም የእጅ ውሃ ይዛ ደጃፍ ትቆማለች። ደግ ዘመን ነበር።

ካላፓ በሥራው ላይ እንዳለ ልቡ ቀጥ አለችና ሞተ። እንዲህ ሲሆን መንግሥት ከቤተሰቡ አንዱን ይቀጥራል። ናጋራትና አሥረኛ ክፍል ጨርሳለች፤ ሌላ ልጅ የለም፣ ሌላ ገቢም የለም። የጎደለው የእናቷ ስምምነት ነበር፤ ማመልከቻው ደግሞ በወሩ መጨረሻ ይዘጋል። ጊሪጃማ እንቢ አለች።

የፖስታ ቤቱ ኃላፊ ራጋቬንድራ ራው ራሳቸው እነጊሪጃማ ቤት ድረስ መጡ።

"እህቴ፣ የሞተ ተጎዳ። ይህቺ ልጅ ምን ትብላ?"

"ባሌን በደመወዝ ልለውጠው? ሬሳውን እንደ መሸጥ እኮ ነው፣ ጌታዬ!"

"ኧረ ማን ሽጪው አለሽ?"

"ይተዉኝ ብያለሁ!"

ናጋራትና ጓዳ ገብታ አለቀሰች። እውነቱን ለመናገር፣ የፈለገችው ደመወዙን ብቻ አልነበረም፤ የአባቷን ወንበር ጭምር ነበር።

በመሃሉ ከሌላ ከተማ ተተኪ ሰው ተላከ። ሰውየው ሦስት አራቴ ይደልቃል፣ ያርፋል፣ ደግሞ ይደልቃል። ጊሪጃማ ጎመኑ አረረባት፣ ሙዴው ጓጎለባት። በአራተኛው ቀን ማማሰያዋን ወረወረች።

"ይሄ ሰውዬ ደብዳቤ ነው የሚያትመው ወይስ በርበሬ ነው የሚወቅጠው?"

"እንግዳ ነው እኮ፣ እማዬ። ይለምደዋል።"

"ይለምደዋል!" አለችና ወደ ግድግዳው ዞረች። "አንቺስ፣ የአባትሽን ምት ታውቂዋለሽ?"

ናጋራትና በመዳፏ የገዛ ጉልበቷ ላይ መታችላት። ዱብ ዱብ፣ ጧ።

ጊሪጃማ መጻፍ አታውቅም። ያኑ ዕለት ፖስታ ቤት ሄዳ፣ ባሏ ማኅተሙን ሲያሳርፍበት የኖረው ቀለም ላይ አውራ ጣቷን ነክራ የስምምነቱ ወረቀት ላይ አተመች። ጣቷን ለሦስት ቀን ሳትታጠብ ቀረች።

ቅጥሩ ከጸደቀ በኋላ፣ የመጀመሪያው ቀን ናጋራትና ክንዷ እስኪዝል መታች። ሰባት ሰዓት ላይ አቁማ በጓሮ ዞራ ወደ ቤት መጣች። እናቷ የእጅ ውሃውን በነሐስ ማሰሮዋ ይዛ ደጃፍ ቆማለች። ከኋላዋ የአባቷ ሳህን ቀርቧል፤ ሙዴውም እሱ ይበላው እንደነበረው ሁለት ነው። ጊሪጃማ ልጇን ስታይ ክው አለች።

"ምቱ ሲቆም ጊዜ... እሱ መጣ ብዬ እኮ ነው፣ ልጄ።"

ውሃውን ልትመልሰው ዞረች። ናጋራትና ቀድማ ሁለት እጇን ዘረጋች።

"አስታጥቢኝ፣ እማዬ። ርቦኛል።"

እናቷ እንባዋ እየወረደ አስታጠበቻት። ናጋራትና አንድ ሙዴ እንኳ የማትጨርስ ልጅ ነበረች፤ ያን ቀን ሁለቱንም በላች።