ስሙን አልነካንም

አባባ ፔንግ ደጁ ላይ ቆሞ ስልኩን ዌንቺ ፊት ላይ ሊለጥፈው ምንም አልቀረውም።

«አንብቢው! ጮክ ብለሽ አንብቢው! ምን ባደርግሽ ነው እንደዚህ ያዋረድሽኝ?»

ማንበብ ጀመረች። ሳትጨርሰው እስከ ጆሮዋ ድረስ ጋለች።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዌንቺ ቼንግዱ ተቀምጣ ኢንተርኔት ላይ የምትጽፍ ልጅ ናት። ሊዩሺ የምትባለውን የወንዝ ዳር መንደር ጎርፍ ሲያጥለቀልቃት፣ ጀልባ ቀዛፊው ፔንግ ሰዉን እንዴት እንዳሻገረ ሄዳ ጠይቃው፣ የነገራትን ጻፈች። የሷ ጽሑፍ እንዲህ ነበር የሚለው፦ «ፔንግ ጀልባዋ እንዳትሰምጥ ብሎ ጎረቤቶቹን እቃቸውን እንዲተዉ ለመናቸው። ጎርፉ ሲጎድል የተረፈውን እቃ ሰብስቦ፣ ባለቤቶቹ እስኪመጡ ቤቱ አቆየው።»

ስልኩ ላይ ያለው ደግሞ ይሄውላችሁ፦ «ፔንግ ታንኳዋ እንዳትጠልቅ ብሎ መንደርተኞቹን ንብረታቸውን እንዲጥሉ ወጥሮ ያዛቸው። ደራሹ ውሃ ሲሸሽ የቀረውን ንብረት አግበስብሶ፣ ጌቶቹ እስኪደርሱ ቤቱ አስቀረው።»

ቃሉ ሁሉ ተቀይሯል። ፔንግ ግን ያው ፔንግ ነው፣ ሊዩሺም ያቺው ሊዩሺ ናት።

«አባባ፣ ይሄን እኔ አልጻፍኩትም! የኔን ወስደው ነው ያጠቡት። ጽሑፍ ማጠብ ነው የሚሉት፤ ቃሉን በኮምፒውተር ማሽን በሚመስለው ቃል ይቀይሩና የራሳቸው ያደርጉታል።»

«ምኑን አጠቡት? አጨቀዩት እንጂ! የሊ ሚስት ቴሌቪዥኗን ጎርፍ እንደወሰደባት መንደሩ ሁሉ ያውቃል። አሁን ልጇ ከሸንዠን ከተማ ደውሎ ‹እማ፣ ቴሌቪዥናችን ፔንግ ቤት የለም ወይ?› አላት አሉ። እና ትላንት መጥታ በመስኮቴ አጮለቀች! በጀርባዬ ያሻገርኳት ሴትዮ!»

ዌንቺ ወደ መንደሩ ዛፍ ዞር አለች። ከዛፉ ስር ማጆንግ የሚጫወቱት ሽማግሌዎች ሦስት ብቻ ናቸው፤ አራተኛ ሰው ከሌለ ደግሞ ጨዋታው አይሆንም። ሦስቱ እጃቸውን አጣጥፈው ተቀምጠዋል እንጂ ፔንግን ና አላሉትም። ዕድሜ ልኩን አራተኛቸው እሱ ነበር።

«ስሜን አስመልሺልኝ፣» አላት።

በበነጋው ቼንግዱ ያለው የታኦ ቢሮ ገባች። የተቀየረውን ጽሑፍ ያወጣው የኢንተርኔት ገጽ የሱ ነው። ተቀጣሪ ልጆቹ ተደርድረው ይተይባሉ፣ ክፍሉ የፈጣን ኑድል ቃሪያ ይሸታል። አለቃ ታኦ ሻዩን ፉት እያለ ፈገግ አለላት።

«እህትዬ፣ ተረጋጊ። ገጻችን ያለበት የኢንተርኔት መድረክ መርምሮታል እኮ፤ ካንቺ ጋር የሚመሳሰለው ከመቶ አሥራ አንድ ብቻ ነው! እሱም ስሞቹ ናቸው። ስም አንነካም። የሰው ስም መቀየርማ ውሸት ነው፣ ያስከስሳል።»

«ስሙን ባትነካ ይሻል ነበር? ሰውየውን እኮ ሌባ አደረግከው!»

«ሌባ የሚል ቃል የታለ? አሳዪኛ!»

እውነቱን ነው፣ የትም የለም። ያ ነው ያንገበገባት። ቁጭ ብሎ የዋሸ ሰው እንኳ የለም፤ ማሽኑ ቀየረ፣ አንዱ ልጅ ላከ፣ አለቃው ሻይ ጠጣ። እዛ ደግሞ አንድ ሽማግሌ ከዛፉ ራቅ ብሎ ማንም ሳይጠራው ቆሟል!

ወንበር ስባ ሰው ያልተቀመጠበት ኮምፒውተር ፊት ተቀመጠች። «ኧረ ምን ልታደርጊ ነው?» አለ ታኦ። መልስ አልሰጠችውም። ከድርጅቱ ገጽ ላይ ታኦ ስለራሱ ያስጻፈውን ቀዳች፦ «ታኦ ጂንግቦ በብልሃቱ ሀብት ያፈራ፣ ብዙ ወጣቶችን ሰብስቦ የሚያሠራ፣ አሮጊት እናቱን የሚጦር ሰው ነው።» እዛው ማሽናቸው ውስጥ ከተተችው። ያወጣውን ቆማ ጮክ ብላ አነበበች፦

«ታኦ ጂንግቦ በተንኮሉ ንብረት ያጋበሰ፣ ብዙ ጎረምሶችን አግተልትሎ የሚያለፋ፣ ባልቴት እናቱን የሚቀልብ ፍጡር ነው።»

መተየቡ ቆመ። መስኮቱ ጋ ያለችው ልጅ ሳቋ አመለጣትና አፏን በእጇ አፈነች።

«አጥፊው!» ታኦ ሻዩን ጠረጴዛው ላይ ደፋው። «እናቴን! እናቴን እንደ አሳማ ነው የምቀልባት?»

«ስምህን ነካሁት? አልነካሁም። ከመቶ ስንት ይመሳሰላል? እንለካው?»

«ይሄ ሌላ ነው!»

«ምኑ ነው ሌላ? አንተ እናት ስላለህ? ፔንግስ ከድንጋይ ነው የተፈለፈለው?» ጣቷን መላኪያው ላይ አደረገች። «የፔንግን አጥፋ። የኔን እንዳለ፣ አንድ ቃል ሳትነካ፣ እዛው ገጽህ ላይ አውጣ። ያ ሁሉ ሰው ያየበት ገጽ ላይ። ካልሆነ ይሄን የእናትህ ዘመዶች ሁሉ ያነቡታል።»

«ያንቺን ማን ያነበዋል? ደረቅ ነው!»

«ይድረቅ።»

ታኦ ጣቷን አየ፣ ልጆቹን አየ። ሳቋ ያመለጣትን ልጅ በግልምጫ ገረፋትና «አውጪላት!» ብሎ ጮኸባት። ልጅቷ እየተጣደፈች አወጣችው። የዌንቺ ጽሑፍ፣ እንዳለ።

ዌንቺ ታኦን የሚመለከተውን ደመሰሰች፣ ምራቋን የመትፋት ያህል አስጠልቷት። ከዛ ስልኳን አውጥታ ጠበቀች። ሰው ማንበብ ጀመረ። ፈጣን አልነበረም፣ ግን ጀመረ። የመጀመሪያው አስተያየት መጣ፦

«ባለፈው ሌላ ነበር የጻፋችሁት። ከሁለቱ የትኛው ነው እውነቱ? እኛ በምን እንለይ?»

«አየሽ?» አለ ታኦ ከኋላዋ፣ ደስ ብሎት። «አየሽ? አሁን ሁለቱንም አያምኑም!»

ዌንቺ ከንዴቱ ብዛት የመጀመሪያውን ፊደል ሁለቴ ሳተችው። ከዛ ጻፈች፦ «እኔ ዌንቺ ነኝ። ሊዩሺ ሄጄ ፔንግን ራሱን ያናገርኩት እኔ ነኝ፤ ያኛውን ያወጡት መንደሯን በዓይናቸው አይተው አያውቁም። ካላመናችሁ ነገ በጠዋቱ አውቶቡስ እሄዳለሁ፤ የሚመጣ ካለ ይምጣና እቃቸው የተመለሰላቸውን ሰዎች አንድ በአንድ ይጠይቅ።»

ስልክ ቁጥሯን ከስሩ ጨምራ ላከችው። ቦርሳዋን አንስታ ታኦን ዞራ ሳታይ ወጣች። ደረጃው ላይ ሳለች ስልኳ ጮኸ። ከሸንዠን ነው፣ የማታውቀው ቁጥር።

«ሄሎ? እኔ የሊ ልጅ ነኝ፣ የሊዩሺ… አሁን ያወጣችሁትን አንብቤ ነው። ስለ ቴሌቪዥኑ…»

«ለኔ አትንገረኝ!» አለችው። «ለአባባ ፔንግ ደውልለት። አሁኑኑ!»