ጀርባ የሌለው ቀሚስ

በድሪያ ደክሟታል። ናዝሬት ገበያ ዳር ከሲንጀር ስፌት መኪናዋ ፊት ስትውል ወገቧ ተቆርጧል። አዲስ ጨርቅ ይዞ የሚመጣ ሰው ከጠፋ ቆየ፤ ከቀበሌ ሱቅ በወረፋ የሚገኘውም ለቀጭን ሰው እንኳ አይበቃ! አገሩ ሁሉ አሮጌውን ተሸክሞ ይመጣል፤ እሷም ስትተረትር፣ ስትገለብጥ፣ ስትገጣጥም ይመሻል።

አንድ ጠዋት ደንበኛዋ አሰለፈች ፎቶዋን ይዛ መጣች። "እትዬ በድሪያ፣ በሞቴ ይህን ቀሚስ ይስፉልኝ።"

በድሪያ ፎቶውን አየችና ሳቋ መጣ። ቀሚሱን ራሷ ናት የሰፋችው። ፎቶ ቤቱ ለደንበኞቹ የሚያውሰው ነው፤ ለማንም እንዲሆን ጀርባው እስከ ታች ተተርትሮ በመርፌ ቁልፍ ይያዛል። አሰለፈች ደግሞ፣ ከዓይን ያውጣት፣ ሞላ ያለች ሴት ናት። ፎቶ አንሺው ጎንና ጎኗን በመጋረጃ ሸፍኖ ሸንቃጣ አስመስሏታል።

"ጉደታ በዚህ ፎቶ ነው ያጨኝ" አለች አሰለፈች። ጉደታ ሰሜን የዘመተ ወታደር ነው፤ በዓይኑ አይቷት አያውቅም። "ለፋሲካ ፈቃድ ወጥቶ ሊያገባኝ ይመጣል። ሲያየኝ ጥሎኝ ቢሄድስ? እንደ ፎቶው ያድርጉኝ።" እንባዋ ዱብ ዱብ አለ።

የበድሪያ ሳቅ ጠፋ። በገዛ ስፌቷ ተናደደች። "የኔ ልጅ፣ ቀሚስ እሰፋልሻለሁ። ሌላ ገላ ግን ከየት አምጥቼ ልስፋልሽ? ደግሞስ ምንሽ ነው የሚያሳፍረው? ሂጂ፣ ያሉሽን አሮጌ ቀሚሶች አምጪ!"

ከሁለት ቀሚስ አንድ ወጣ፤ ፊቱ አረንጓዴ፣ ጀርባው ቡናማ። አሰለፈች ለበሰችው፤ እጇን አነሳች፣ ጎንበስ ቀና አለች፤ የትም አልያዛትም።

"ውይ! ለካ ቀሚስ ለብሶም መተንፈስ ይቻላል!" አለች። ቀጥላም "ፎቶ ቤት ይሸኙኝ" አለቻት።

እዚያ ሲደርሱ ፎቶ አንሺው መጋረጃውን ይጎትት ጀመር።

"ተወው" አለችው አሰለፈች። ጀርባዋን ሰጥታው ፊቷን በትከሻዋ በኩል መለሰች። "እንዲህ አንሳኝ፤ ያኔ የተደበቀው ይታይ።"

"ቆይ፣ ስፌቱ ጠሟል፤ ላስተካክለው!" አለች በድሪያ ደንግጣ።

"ይተዉት እትዬ። ጉደታ ከሰሜን ሳይነሳ ፎቶውን ልላክለትና ይየኝ። ከመጣ እኔን ብሎ ይምጣ።" ከቦታዋ ንቅንቅ አላለችም።

ፎቶው ተነሳ። በድሪያ ወገቧን ይዛ አግዳሚው ላይ ቁጭ አለች።

"ያንን የምታውሰውን ቀሚስ አምጣው" አለችው ፎቶ አንሺውን። "ጀርባ ልሥራለት።"