የዘጠኝ ቀን ዝምታ

ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ዴልበርት በካናዳው ዊኒፔግ ሐይቅ በረዶ ሥር የዘረጋውን መረብ የሚያወጣው ከአሥራ አንድ ዓመት ልጁ ከራሞና ጋር ብቻ ነው። እሱ በአንደኛው ቀዳዳ መረቡን ይስባል፤ እሷ ደግሞ ስልሳ እርምጃ ርቃ፣ በሌላኛው ቀዳዳ፣ የመረቡ ጫፍ ላይ ረጅም ገመድ ታስራለች። ዓሣው ከተለቀመ በኋላ መረቡ ወደ ቦታው የሚመለሰው በዚያ ገመድ ተስቦ ነው።

የዚያን ቀን ጠዋት መረቡ ባዶ ጫፉን እያንጠባጠበ ወጣ።

«ራሞና! ገመዱስ?»

«ያሰርኩት መስሎኝ…»

ገመዱን ዳግም ከሥር ለማሳለፍ፣ ክንድ የሚያህል ውፍረት ያለው በረዶ እንደ አዲስ ሊበሳ ነው። ዴልበርት አጠገቧ እስኪደርስ ደሙ ፈላ፤ እጁም ሳያዘው ተነሳ። መትቷት አያውቅም፤ ክንዱ ግን መንገዱን ያውቀዋል። አባቱ ኢሳያ በልጅነቱ፣ መንግሥት የአገሬውን ነባር ሕዝብ ልጆች ከእናቶቻቸው ጉያ እየነጠቀ በዱላ ከሚያሳድግበት አዳሪ ትምህርት ቤት ይዞት የመጣው መንገድ ነው። ራሞና ራሷን በሁለት ጓንቶቿ ሸፈነች።

እጁን አወረደ። ቃል ሳይተነፍስም ፊቱን አዙሮ ሄደ። «ተመስገን፣ አልመታኋትም» እያለ፣ በረዶው ላይ ያቆማት መኪና የክብሪት ቀፎ እስክታክል ድረስ ተጓዘ። እዚያ ሲደርስ ነው የገባው። ኢሳያም ዱላውን እርግፍ አድርጎ ከተወ በኋላ ልጁን በኩርፊያ ይዘጋው ነበር፤ አንድ ጊዜ ዘጠኝ ቀን ሙሉ። ትንሹ ዴልበርት ያኔ፣ «ምነው በመታኝና በገላገለኝ» ብሎ ጸልዮ ያውቃል።

ተመለሰ። ልጅቷ ከቆመችበት አልተነቃነቀችም።

«ጨረስክ?» አለችው።

«ምኑን?»

«ኩርፊያውን ነዋ። አያቴማ ካኮረፈ ሳምንትም አይበቃው።»

ይቅርታ የሚጠይቅበትን ቃል ፈለገ፤ ለእሱ ማንም ብሎት ስለማያውቅ ከየት ያምጣው?

«እጄን አነሳሁብሽ። ጥፋቱ የኔ ነው።»

«ገመዱን የረሳሁት እኔ ነኝ እኮ፣ አባዬ።»

«ገመዱ ያንቺ፤ እጁ የኔ።»

ሊያቅፋት ጠጋ ሲል አንድ እርምጃ ወደኋላ አለች። እግሩ ተተከለ። ከአባቱ ስንት ጊዜ እንዲህ ሸሽቷል!

«እዚሁ ሆኜ ስትሠራ ልይህ?»

«ደስ ካለሽ ቦታ ሆነሽ እዪኝ።»

መቆፈሪያውን አንስቶ በረዶውን መብሳት ጀመረ። እንደ አባቱ ዝም ላለማለት የሚሠራውን ሁሉ ጮክ ብሎ ይነግራታል፦ «አሁን ጠርዙን ነው… ይሄ ደግሞ ጠንክሯል…» ከቃሉ ግማሹን ነፋሱ ይወስደዋል። የቀረው እሷ ዘንድ ይድረስ አይድረስ አያውቅም፤ ቢሆንም መናገሩን አላቆመም።