የኋላ ወንበር እንግዳ

ጀምበር ስትጠልቅ አምልጣኝ አታውቅም። አስራ አንድ ዓመት በባሊ ደሴት መንገዶች ላይ እንግዳ ሳመላልስ፣ ዝናብ ቢጥል፣ የበዓል ሰልፍ መንገዱን ቢዘጋው፣ የእኔ እንግዳ ፀሐይዋ ባሕር ውስጥ ከመግባቷ ሩብ ሰዓት በፊት ገደሉ ጫፍ ላይ ካሜራውን ይዞ ቆሟል። በዚህ እኮራለሁ። ሌላ የምኮራበት ነገር ብዙም የለኝም።

የዚያን ዕለት ጠዋት ከቢሮ የተላከልኝ ወረቀት አጭር ነበር። አንዲት እንግዳ፣ ስሟ ሳንድራ፣ መኪናው ቀኑን ሙሉ ለብቻዋ፤ ከሳኑር ባሕር ዳርቻ፣ ከትልቁ ዛፍ ስር ትነሳለች። እኔም እንደ ልማዴ መኪናውን አጥቤ፣ ትንሿን የአበባ መባ ከመሪው ፊት አስቀምጬ፣ ሸሚዜን ወደ ሱሪዬ ከትቼ ሄድኩ።

ዛፉ ስር ሰፊ ባርኔጣ ያደረገች፣ ግማሽ ፊቷን የሚሸፍን ጥቁር መነጽር የሰካች ሴት ቆማለች። የኋላውን በር ከፈትኩላት። ገብታ ተቀመጠችና "አመሰግናለሁ ሹፌር" አለች።

ያንን ድምፅ ሰባት ዓመት ሰምቼዋለሁ። ሱዊትሪ ነበረች፤ ፍቅረኛዬ፤ በሰፈራችን ለመቅደስ በዓል የሚለበሰውን የሴት ሸሚዝ ሁሉ የምትሰፋው ሱዊትሪ።

"አንቺ! ምን ነካሽ? ልደቴ እኮ አይደለም!"

"ይቅርታ፣ እንግዳዎን እንደዚህ ነው የሚቀበሉት?" አለች ኮስተር ብላ። "ስሜ ሳንድራ ነው። የመጣሁት ከሩቅ ነው። ከፍዬበታለሁ ደግሞ።"

"ነይ እባክሽ ፊት ተቀመጪ።"

"እንግዳ የሚቀመጠው ከኋላ ነው። ይንዱ።"

እየሳቅኩ ሞተሩን አስነሳሁ። እየሳቅኩ ወረቀቱን ገለጥኩት። የተቀደሰው ምንጭ፤ ከዚያ በመንግዊ በውሃ የተከበበው መቅደስ፤ ጀምበር ስትጠልቅ ታናህ ሎት። መሳቄን ተውኩ።

በሳምንት ሦስት ጊዜ ታናህ ሎት እሄዳለሁ፤ ባሕር ውስጥ ካለው አለት ላይ የተሠራውን መቅደስ እንግዳ ሁሉ ማየት ይፈልጋል። ከሱዊትሪ ጋር ግን አንድም ቀን ሄጄ አላውቅም። የእኛ አገር ልጅ ያልተጋቡ ፍቅረኞች አብረው እዚያ ከገቡ እንደሚለያዩ እያወቀ ነው የሚያድገው። የምናምነውም የማናምነውም እንጠነቀቃለን። እሷም ይህን ከእኔ እኩል ታውቃለች፤ እያወቀች ነው ያስጻፈችው።

ምክንያቱን ልጠይቃት አልደፈርኩም። ምክንያቱን አውቀዋለሁ። ሱዊትሪ ወንድም የላትም፤ እህትም የላትም። ሴት ልጅ ስታገባ ወደ ባሏ ቤት ትሄዳለች፤ እንደ ሱዊትሪ ብቻዋን የሆነች ግን ባሏን ወደ አባቷ ቤት ታስገባለች፤ አለዚያ የቤቱን መቅደስ የሚጠብቅ፣ ለሞቱት ወገኖቿ መባ የሚያስቀምጥ ትውልድ አይኖርም። ያኔ ሽማግሌ የሚልኩት የሴቷ ወገኖች ናቸው፤ ወንዱ ነው የሚጠየቀው። እኔ ታናሽ ወንድም አለኝ፤ ከቤታችን ብወጣ የሚጎድል ነገር የለም። የያዘኝ ምላሴ ነው። ሱጋታ የሚባል ሹፌር ጓደኛችን ሚስቱ ቤት የገባ ዕለት "ሙሽሪት" ብዬ ስም ያወጣሁለት እኔ ነኝ። እስከ ዛሬ በየመኪና ማቆሚያው ስሙ ሙሽሪት ነው፤ ልጆቹ ሳይቀሩ ሰምተውታል። ያ ስም ዞሮ እኔን እየጠበቀኝ እንደሆነ ሰባት ዓመት ሙሉ አውቃለሁ።

ምንጩ ጋ ስንደርስ ጭጋጉ ገና ከዛፎቹ ላይ አልተነሳም። ሱዊትሪ ባርኔጣዋንና መነጽሯን ሰጠችኝ፤ ሽርጧን አሸርጣ ወደ ውሃው ወረደች። ከድንጋዩ አፎች የሚወርደው ውሃ በተራ በተራ አናቷ ላይ ይፈሳል፤ ለሙታን የተለዩትን ሁለቱን ዘለለቻቸው። መጨረሻው ስር ብዙ ቆየች። ከኋላዋ የተሰለፉት ሰዎች ዝም ብለው ጠበቋት፤ ውሃው ጀርባዋ ላይ እየተሰበረ ያበራል፤ ያየሁት እሷን ይሁን የእሷን ሕልም እርግጠኛ አልነበርኩም።

"ምን ለመንሽ?" አልኳት ስትወጣ።

"እንግዳ የለመነውን አይጠየቅም" አለች ጸጉሯን እየጨመቀች። ከዚያ ወደ ኩሬው ዞራ "ሹፌር፣ እነዚህ ዓሦች ይበላሉ?"

"ይህን የሚጠይቅ ቱሪስት ዓሣ ሆኖ ይወለዳል ይባላል።"

"ማን ነው ያለው?"

"እኔ ነኝ። አሁን።"

ሳቀች። የእውነት ሳቋን ነው የሳቀችው፤ ለጥቂት ጊዜ ሳንድራነቷን ረሳችው። እኔም ከዚያ በኋላ ጨዋታው ውስጥ ገባሁ። መንገድ ላይ ያደገችበትን አገር እንደማታውቀው አድርጌ አሳየኋት፦ ይህ የኮኮናት ዛፍ ይባላል፣ ያ የሰው ዶሮ ነው፣ ያቺ ወይዘሮ በሞተር ብስክሌቷ ላይ የጫነችው የራሷን ቁመት የሚያህል የሙዝ ግንድ ነው። እሷም "አይ ጉድ!" እያለች ትገረማለች። በመስታወቱ አያታለሁ። አዲስ ሰው ትመስላለች፤ ገና ዛሬ ያገኘኋት፣ አንድም ቀን ያላስለቀስኳት ሴት።

"ሹፌር፣ አግብተዋል?" አለችኝ ድንገት።

ይህን የማይጠይቀኝ እንግዳ የለም። ለሁሉም አንድ መልስ ነው ያለኝ፤ ሳላስበው እሱው ወጣ።

"በሚቀጥለው ዓመት።"

ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

"ስንተኛው የሚቀጥለው ዓመት ነው?" አለች። ፍጥነት ጨመርኩ።

መንግዊ ስንደርስ እኩለ ቀን ሆኗል። በመቅደሱ ዙሪያ ያለው ውሃ አይንቀሳቀስም፤ ደራርበው የቆሙት ጥቋቁር የሣር ጣሪያዎች ተገልብጠው ውሃው ውስጥ ተኝተዋል። ከግንቡ ጥላ ስር ተቀምጠን በሙዝ ቅጠል የተጠቀለለ ሩዝና በሚጥሚጣ የተለወሰ ዶሮ በላን። ሱዊትሪ ቅጠሉን በጥንቃቄ አጥፋ፣ ጠርዙን ልትሰፋው እንደፈለገች ሁሉ በጣቷ ትዘመዝመዋለች።

"ለምን በዚህ መንገድ?" አልኳት። "ለምን ፊት ለፊት አልነገርሽኝም?"

ሳንድራ ጠፋች። ባርኔጣዋን ጉልበቷ ላይ አደረገች።

"ሞክሬያለሁ። አዲስ ዓመት ላይ ልነግርህ መጣሁ፤ ካልሲህን ገልብጠህ ለብሰህ አገኘሁህና ሳቄ መጣ። ባለፈው ወር ደግሞ መጣሁ፤ ታመህ ነበር። አፌ እምቢ አለኝ፣ አርታና። ባሕሩ ይናገርልኝ ብዬ ነው።"

"አባትሽ ልከውሽ ነው?"

"አባባ ስምህን ማንሳት ከተወ ቆየ። ሦስት ጊዜ ሊጠይቅህ ተዘጋጀ። መጀመሪያ እናቴ ታማብኛለች አልክ። ቀጥሎ የቱሪስት ወቅት ነው አልክ። ሦስተኛው ላይ ስልክህን አላነሳህም፤ ለሽምግልናው ያዘጋጀነውን ኬክና ፍራፍሬ ጓዳ ውስጥ ጉንዳን በላው። አሁን ጉልበቱን ስለሚያመው የቤቱን መቅደስ ደረጃ እየተቀመጠ ነው የሚጠርገው። አንዱን ጠርጎ ይቀመጣል፤ ሌላውን ጠርጎ ይቀመጣል። ከዚያ በላይ ማየት አልችልም።"

"እወድሻለሁ እኮ።"

"ይሄማ መች ጠፋኝ" አለች። እጇን ታጥባ ተነሳች። "ሹፌር፣ ወረቀቱ ላይ አንድ ቦታ ይቀረናል።"

ከመንግዊ ታናህ ሎት አርባ ደቂቃ ቢፈጅ ነው። ዋናውን መንገድ ትቼ ወደ ሩዝ እርሻው ታጠፍኩ። ለምን እንደታጠፍኩ ለራሴም አልነገርኩትም። ጠባቡ መንገድ በአረንጓዴው መሐል ይጠማዘዛል፤ በየመስኩ ያለው ውሃ ሰማይ ይዟል፤ ዳክዬዎች በሰልፍ ይሻገራሉ፤ ቆሜ አሳለፍኳቸው፤ ከሚያስፈልገው በላይ ቆምኩላቸው። ሱዊትሪ ጭንቅላቷን መስኮቱ ላይ ጥላ ተኝታለች። ብርሃኑ ወርቅማ መሆን ጀመረ። እንደዚህ እየዞርኩ ብኖር፣ እሷም ከኋላዬ እንደተኛች ብትኖር፣ ፀሐይዋም እዚያው ዛፎቹ ላይ ተሰቅላ ብትቀር ብዬ ተመኘሁ። ጀምበሯ እዚህ ብትጠልቅብን ለዛሬ ተረፍን ማለት ነው። ነገ የራሱ ጉዳይ።

"ይህችን ድልድይ ሁለት ጊዜ ተሻገርናት" አለች ዓይኗን ሳትገልጥ።

"መንገዱ ተዘግቶ ነው።"

"አንተ ጀምበር አምልጣህ አታውቅም።" አሁን ዓይኗ ተገልጧል፤ በመስታወቱ ውስጥ ፊት ለፊት ታየኛለች። "ለማታውቀው ሰው ሁሉ ሰዓቱን ጠብቀህ ትደርሳለህ። እኔ ጋ ስትሆን ግን እንዳትደርስ ትዞራለህ። ሰባት ዓመት ሙሉ ያደረግከው ይሄንኑ ነው።"

መኪናውን አቆምኩት። አፈርኩ። ሰድባኝ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። ሩቅ ሆኖ ወፍ ለማባረር በገመድ የተንጠለጠለ ቆርቆሮ ይንኳኳል። የምለው ነገር ፈለግኩ፤ አፌ ላይ የመጣው ሁሉ ከዚህ በፊት ብዬው የማውቀው ነበር። መኪናውን አዞርኩና ዋናውን መንገድ ያዝኩ።

ደረስን። ፀሐይዋ ከባሕሩ በላይ አንድ ክንድ ያህል ቀርታለች። ሱዊትሪ ወርዳ ሁለት ቲኬት ቆረጠች፤ ሁለቱንም በእጇ ይዛ መኪናው አጠገብ ቆመች።

"አብረን ከገባን አለቀ" አለች። "እዚህ ከቀረህም ብቻዬን ገብቼ ጀምበሯን አያታለሁ፤ ያኔም አለቀ። ሦስተኛውን መንገድ አንተው ታውቀዋለህ።"

መልሴን አልጠበቀችም። ባርኔጣዋን መቀመጫው ላይ ትታ በሕዝቡ መሐል ወረደች። ጀርባዋ እስኪጠፋኝ አየኋት።

ሹፌሮቹ ከቡና መሸጫው አግዳሚ ላይ ካርታ ይጫወታሉ። ሱጋታም አለ፤ ከጆሮው በላይ ነጭ አበባ ሰክቷል።

"አርታና! ዛሬስ ዘገየህ፤ አረጀህ እንዴ?" አለ አንዱ።

"እንግዳዋ ቆንጆ ስትሆን ይዘገያል" አለ ሌላው።

"ተዉት" አለ ሱጋታ ካርታውን እየጣለ። "ፊቱን አታዩትም?"

ስም ያወጣሁለት ሰው ነው የራራልኝ። ይህ ከሁሉ ባሰብኝ። ስልኬን አወጣሁ። ራቅ ብዬ መደወል እችል ነበር፤ እግሬም ጀምሮት ነበር፤ ከዚያ ተመለስኩና መሐላቸው ቆሜ ደወልኩ።

"ማን ነው?" አሉ የሱዊትሪ አባት። የመጥረጊያው ድምፅ ይሰማኛል።

"አርታና ነኝ አባባ።" "ሽማግሌ ይዘው ይምጡና ይጠይቁኝ። እርስዎ ቤት ልግባ።"

ካርታው ቆመ። መጥረጊያውም ቆመ።

"ሦስት ጊዜ ተዘጋጅቻለሁ፣ ልጄ" አሉ አባቷ ቀስ ብለው። "አራተኛ ጊዜ ጉልበት የለኝም። ብመጣ ትኖራለህ?"

"ከፈለጉ እኔው መጥቼ በር ላይ ልጠብቅዎት።"

የመጥረጊያው ድምፅ እንደገና ተሰማ። "እንግዲያው ነገ ጠዋት ና" አሉ በመጨረሻ። "ሽማግሌ ከመላኬ በፊት ይሄን ደረጃ ትጠርግልኛለህ።"

ስልኩን ዘጋሁት። ሱጋታ ቀስ ብሎ ተነሳ፤ ከጆሮው በላይ ያለውን አበባ አውጥቶ በጥንቃቄ ከጆሮዬ በላይ ሰካልኝ፤ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ብሎ አየኝ።

"እንኳን ደህና መጣሽ፣ ሙሽሪት!"

ያ አግዳሚ እንደዚያ ሲስቅ ሰምቼ አላውቅም። ጠረጴዛ ይደበድባሉ፤ "ሙሽሪት! ሙሽሪት!" ይላሉ፤ አንዱ ሽርጥ ሊያለብሰኝ ይታገለኛል። ፊቴ ነደደ። ሰባት ዓመት የፈራሁት ይህ ነበር፤ ሲመጣ ያን ያህል አልከበደኝም። ከኋላቸው ሰማዩ ቀላ፤ ከገደሉ በኩል የሕዝቡ "ኦ!" የሚል ድምፅ መጣ። ጀምበሯ ጠለቀች። እኔ አላየኋትም።

ሱዊትሪ ከሕዝቡ ጋር ተመለሰች። ዓይኖቿ አብጠዋል። መኪናው ጋ ሳትደርስ ጩኸቱን ሰማች፤ ቆመች። "ሙሽሪት" የማን ስም እንደሆነ ታውቃለች፤ ማን እንዳወጣውም ታውቃለች። መጀመሪያ ሱጋታን አየችው። ሱጋታ ሁለት እጁን አንስቶ "እኔ አይደለሁም እህቴ፤ እኔ ከዛሬ ጀምሮ ተሽሬያለሁ" አላትና በአገጩ ወደ እኔ ጠቆመ።

እሷም አየችኝ፤ አበባውን፣ ያለበሱኝን ሽርጥ፣ ሁሉንም። አፏን በእጇ ያዘች። ስትስቅ ይሁን ስታለቅስ አልለየሁም።

"አባባ ነገ ጠዋት ና ብለውኛል" አልኳት። "መጥረጊያ አላቸው?"

ወደ መኪናው ሄደች። የኋላውን በር ልከፍትላት ቀደምኳት፤ እሷ ግን አልፋኝ የፊቱን ከፈተችና ተቀመጠች፤ ያልተቀደደችውን ቲኬቴን ከመሪው ፊት፣ አበባው አጠገብ አስቀመጠችልኝ።

"ከተጋባን በኋላ እንጠቀምባታለን" አለች። "አሁን ቶሎ ንዳ፤ አባባ ሳይተኛ እንድረስ።"